ልጄ ቮሊቦልም ትጫወታለች፣ ሹራብም ትነድፋለች፤ የቱ እንጀራ ይሆናታል?

እናት ከበርገን

ጤና ይስጥልኝ ወገኖቼ። የምጽፈው ከኖርዌይ፣ ከበርገን ነው። አሥራ ስድስት ሊሞላት ትንሽ የቀራት ሴት ልጅ አለችኝ። ዘንድሮ አሥረኛ ክፍል ናት። እዚህ አገር ከአሥረኛ በኋላ ምን እንደምትማር መርጣ እስከ ማርች 1 ማመልከት አለባት። አምስት ሳምንት ነው የቀረን። በዚህ ነገር ቤታችን ሰላም አጥቷል።

ልጄ ከአሥር ዓመቷ ጀምሮ ቮሊቦል ትጫወታለች። ቁመቷ 168 ነው፤ ለዚህ ጨዋታ ረጅም አትባልም። ግን ኳስ መሬት አታስነካም። አሠልጣኟ ሊቤሮ፣ ማለትም ከኋላ ሆና ኳስ የምትቀበልና የምትከላከል ተጫዋች፣ አድርጓታል። ሱልዳል ውስጥ ሳንድ በምትባል ትንሽ ከተማ ቶፕቮሊ ኖርጌ የሚባል የቮሊቦል ትምህርት ቤት አለ። በቶኪዮ ኦሎምፒክ በባሕር ዳርቻ ቮሊቦል ወርቅ ያመጡት አንደሽ ሞልና ክሪስቲያን ሶሩም እዚያ ነው የተማሩት። እዚያ ልግባ ትላለች። ያ ማለት ከቤት ወጥታ፣ ክፍል ተከራይታ ለብቻዋ መኖር ነው። በአሥራ ስድስት ዓመቷ!

ሌላው ሹራብ ነው። ኪሮሽ ያስያዘቻት እናቴ ናት፤ ደብረ ብርሃን የከረምን ጊዜ፣ ብርዱ ከቤት አላስወጣ ሲለን። የሹራብ መርፌውን ደግሞ እዚህ በትምህርት ቤት ለመደች። ባለፈው ታኅሣሥ የእናቴን ነጠላ አውጥታ ጥለቱን በካሬ ወረቀት ላይ ገለበጠችው። መስቀሉን ክር በክር ቆጠረች። ቀይና ነጭ ሱፍ ገዝታ ጓንት ሠራችበት። እኔ ሳየው እንባዬ መጣ። እሷ ግን ተበሳጨች። ወረቀቱ ላይ ቀጥ ብሎ የቆመው መስቀል ጓንቱ ላይ ድፍጥጥ ብሎ ወጣባት። ያም ሆኖ ሦስት ጓደኞቿ አሠራሩን ጻፊልን ብለዋታል። አንድ ቀን «የሹራብ ዲዛይነር ነው የምሆነው» ትላለች። በማግስቱ «ከቮሊቦል ውጭ ሕይወት የለኝም» ትላለች። ባለፈው ሳምንት አንድ ጣቷ በፕላስተር ተጠቅልሎ ሹራብ ስትሠራ አገኘኋት።

ባለቤቴ «ሁለቱም ጨዋታ ነው፤ ነርስነት ትማር» ይላል። እኔ አሥራ አራት ዓመት የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ሠርቻለሁ። ሥራዬን አከብረዋለሁ። ልጄ ግን ሁለት ነገር ስትወድ እያየሁ ሁለቱንም አልነጥቃትም። በእነዚህ ሥራዎች የኖረ ሰው ካለ እውነቱን ይንገረኝ። ሰው በእርግጥ ይኖርባቸዋል?

አቀባዩ (አዲስ አበባ)

እህቴ፣ ጽሑፍሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። እኔ ለአንድ የፋብሪካ ቡድን ስምንት ዓመት ተጫውቻለሁ። የጀመርኩት ደርግ ሊወድቅ አካባቢ ነው። ሥራዬ ማቀበል ነበር፤ ኳሷን ለአጥቂው መረቡ አናት ላይ ማስቀመጥ። ደመወዜ የሠራተኛ ደመወዝ ነበር። ጠዋት መጋዘን እገባለሁ፣ ከሰዓት ልምምድ። ጉልበቴ እምቢ ሲል ኳሱ ቀረ፤ መጋዘኑ ግን አልቀረም። ልጆቼን ያሳደገው መጋዘኑ ነው። ይህን የምልሽ ልጅሽን ለማስፈራራት አይደለም። ተጫዋች ሁልጊዜ ሁለተኛ ነገር ያስፈልገዋል ለማለት ነው። የአንቺ ልጅ ሁለተኛውን ከወዲሁ ይዛዋለች።

ስለ ቁመቷ አትጨነቂ። በእኛ ጊዜ ሊቤሮ የሚባል ቦታ አልነበረም። ወደ ዓለም አቀፍ ውድድር የገባው በፈረንጆቹ 1998 ነው፤ እኔ ኳስ ልሰቅል ስል። ከዚያ በፊት አጠር ያለች ልጅ ከኋላ መስመር ምንም ያህል ጎበዝ ብትሆን፣ ዙሩ (የተጫዋቾች ቦታ መቀያየር) ወደ ፊት ሲያመጣት ጭንቅ ነበር። የሴቶች መረብ 2 ሜትር ከ24 ነው። ከዚያ በላይ የማይደርስ እጅ ይዘሽ ምን ታደርጊያለሽ? ብዙ ጥሩ ልጆች በዚህ ምክንያት ቀሩ። ሊቤሮ ሲመጣ ለእነሱ በር ተከፈተ። ቀለሙ የተለየ ማሊያ ትለብሳለች፣ ከኋላ ትቀበላለች፣ ፊት ሳትደርስ ትወጣለች።

አንድ እውነት ግን ሳልነግርሽ ማለፍ አልፈልግም። ገንዘብ ያለባቸው ሊጎች ጣሊያን፣ ቱርክ፣ ፖላንድና ጃፓን ናቸው። ሊጉ የውጭ ተጫዋች ቁጥር ሲገድብ ክለቡ ያንን ቦታ በአብዛኛው ለአጥቂ ነው የሚያውለው። ሊቤሮውን ከአገሩ ልጆች ይፈልጋል። ስለዚህ ከኖርዌይ ለምትወጣ ሊቤሮ መንገዱ ጠባብ ነው። በጣም ጎበዝ መሆን አለባት። ውልም አብዛኛውን ጊዜ የአንድ የውድድር ዘመን ነው። በየዓመቱ ግንቦትና ሰኔ ሲመጣ «የት ልሄድ ነው?» እያሉ መኖር አለ።

ደግሞ ነገ ምን እንደሚሆን ማን ያውቃል? ደቡብ ኮሪያዊቷ ኪም ዮን ኩንግ በልጅነቷ አጭር ነበረች። በዚያ ምክንያት መቀበልና መከላከል ጠንቅቃ ተማረች። ኋላ ቁመቷ 192 ደረሰ። በለንደን 2012 ቡድኗ አራተኛ ወጥቶ እሷ የውድድሩ ምርጥ ተጫዋች ተባለች። አራተኛ ከወጣ ቡድን! እስከ 37 ዓመቷ ተጫውታ በ2025 ነው ያቆመችው።

የጣቷ ነገር ግን አሳስቦኛል። የእኔ ግራ ትንሿ ጣት ዛሬም አትዘረጋም። ብሎክ ስዘል፣ ማለትም የአጥቂዋን ኳስ መረቡ ላይ በእጅ ላግድ ስል፣ ነው የተሰበረችው። በቮሊቦል ጣት በብዛት የሚጎዳው ብሎክ ላይ ነው። ሊቤሮ ደግሞ ብሎክ አይፈቀድላትም። እዚያው ቦታዋ ላይ ትጽና። ጣቶቿ የሁለቱም ሥራ መሣሪያ ናቸው።

ክርና መርፌ (ትሮንዳይም)

እትዬ፣ እኔ የሹራብ ዲዛይነር ነኝ። ሳምንቱን ሦስት ቀን መዋዕለ ሕፃናት እሠራለሁ፣ ሁለት ቀን እነድፋለሁ። በቅድሚያ የመስቀሉን ነገር እንፍታው፤ ልጅዎ ያጠፋችው ነገር የለም። የሹራብ ዓይን፣ ማለትም አንዷ የክር ቀለበት፣ ካሬ አይደለችም። ወርዷ ከቁመቷ ይበልጣል። በቀጭን ሱፍ ጓንት ሲሠራ በ10 ሴንቲ ውስጥ ለምሳሌ 28 ዓይን በወርድ፣ 32 ረድፍ በቁመት ይገባል። መስቀሏ ወረቀቱ ላይ 21 በ21 ካሬ ከነበረ፣ ጓንቱ ላይ ወርዱ 7 ሴንቲ ተኩል፣ ቁመቱ 6 ሴንቲ ተኩል ሆኖ ይወጣል። ድፍጥጥ ያለው ለዚህ ነው። ሦስት ረድፍ ትጨምርና 24 ታድርገው። ቀጥ ብሎ ይቆማል። አስቀድማ ግን ናሙና ትሥራ፣ ትጠበው፣ ሲደርቅ በማስመሪያ ትለካው። የእሷ እጅ የሚሰጣት ቁጥር ከእኔ ሊለይ ይችላል።

ሌላም አለ። ጥለት ላይ ቀዩ ክር ረጅም መንገድ ሲዘል ከኋላ እንደ ገመድ ይንጠለጠላል። ጓንት ሲሆን ጣት ይገባበትና ይጎትተዋል። አምስት ዓይን ሳይሞላ ቀለም እንዲቀየር አድርጋ ትንደፈው። ጥለቱን እንዳለ መገልበጥ ሳይሆን ለመርፌ እንዲመች አድርጎ እንደገና መሥራት ነው። ሙያው ማለት ይኸው ነው።

እኔ ካለሁበት ብዙም ሳይርቅ ሴልቡ የምትባል አገር አለች። በ1857 ማሪት ኤምስታድ የምትባል ወጣት ስምንት ቅጠል ያለው ጽጌረዳ በጥቁርና በነጭ ጓንት ላይ ሠርታ ቤተ ክርስቲያን ይዛ ሄደች። ሰው አየው፣ ወደደው። ጓንቱ የመንደሩ መተዳደሪያ ሆነ። ዛሬ ያ ጽጌረዳ የኖርዌይ ምልክት ነው። እሷም የልጅዎ ዕድሜ አካባቢ ነበረች። የእናትዎን ጥለት በጓንት ላይ ያየ ሰው ልቡ የሚነካው ለምን እንደሆነ ከዚህ ይገባኛል።

ገንዘቡን በግልጽ ልንገርዎት። የመጀመሪያውን የአሠራር መመሪያዬን ሦስት ወር ደከምኩበት። በዓመት 41 ሰው ገዛው፣ በ65 ክሮነር። ከዚያ ላይ የሚሸጥበት ገጽና የክፍያ አቀባዩ ድርሻቸውን ወሰዱ። አሁን 19 መመሪያ አለኝ። ከገቢዬ አብዛኛውን የሚያመጡት ሦስቱ ብቻ ናቸው። የትኛው እንደሚወደድ አስቀድሜ አውቄ አላውቅም። ሽያጩ በ12 ወር ከ50,000 ክሮነር ሲያልፍ ደግሞ ለተጨማሪ እሴት ታክስ መመዝገብ ግዴታ ነው፤ እኔ ዘግይቼ ነበር ያወቅሁት።

ሥራው ከመርፌው ይልቅ ሒሳብ ነው። አንድ ሹራብ በዘጠኝ ልክ ይጻፋል። መመሪያው በ10 ሴንቲ 22 ዓይን ሲል የገዢዋ እጅ 20 ካወጣ፣ 1 ሜትር መሆን የነበረበት ደረት 1 ሜትር ከ10 ይሆናል። ስለዚህ ከመሸጡ በፊት ሰዎች በየልኩ ሠርተው ይሞክሩታል። እኔ አንድ ጊዜ ይህን ሳላደርግ አወጣሁ። የአንዱ ልክ እጅጌ አልገጠመም። ሃያ ስድስት ሰው ጻፈልኝ። ሁሉንም ይቅርታ ጠይቄ መመሪያውን ያረምኩት በሁለት ሌሊት ነው።

ደግሞ ስፖርትና ሹራብ ተጣልተው አያውቁም። የኖርዌይን የበረዶ ሸርተቴ ቡድን ሹራብ ዳሌ የሚባለው ፋብሪካ ከ1956 ጀምሮ ይነድፋል። የእንግሊዙ የውኃ ዝላይ ስፖርተኛ ቶም ዴሊ በቶኪዮ ወርቅ ባገኘ ሰሞን ተመልካች ወንበር ላይ ተቀምጦ ሹራብ ሲሠራ ዓለም አየው። ለሜዳሊያው ማስቀመጫ ሠራለት። ኋላም የራሱን የሹራብ ዕቃ መሸጥ ጀመረ። ተጫዋች ከሜዳው ይልቅ አውቶቡስ ውስጥ ብዙ ሰዓት ታሳልፋለች፤ መርፌውን በቦርሳ ትያዝ።

አባት ከስታቫንገር

ከላይ ያሉት ስለ ሙያው ተናግረዋል፤ እኔ ስለ ማመልከቻው ልበል፤ ሁለት ልጆች በዚህ ውስጥ አሳልፌያለሁ። የስፖርት መስመሩ ዩኒቨርሲቲ የሚያስገባ አጠቃላይ ብቃት ይሰጣል። ሦስቱን ዓመት ጨርሳ ነርስነትም፣ ዲዛይንም ማመልከት ትችላለች። የእጅ ሥራና ዲዛይን የሙያ መስመሩ ግን ወደ ሙያ ምስክር ወረቀት ነው የሚወስደው። ከእሱ ዩኒቨርሲቲ ለመግባት ተጨማሪ የማሟያ ዓመት ያስፈልጋል። ለባለቤትሽ ይህን ንገሪው። ስፖርቱን መምረጥ የነርስነትን በር አይዘጋም። ከቤት ርቀው ለሚማሩ ደግሞ የመንግሥት የተማሪዎች ብድር መሥሪያ ቤት የማይመለስ ድጎማ ይሰጣል። ለብቻዋ መኖሯ ግን ይከብዳል፤ አልዋሽሽም። የእኔ ትልቁ ልጅ የመጀመሪያውን ጥቅምት በየማታው ይደውል ነበር። ሽሮ አሠራር በስልክ ነው ያስተማርኩት።

እናት ከበርገን

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ሁላችሁንም። የጻፋችሁትን እራት ላይ ጮክ ብዬ አነበብኩላቸው። ባለቤቴ ስለ ዩኒቨርሲቲው የተጻፈውን «እስቲ እንደገና» አለኝ። ዝም ብሎ ቆየና «እንግዲያው ሳንድን ሄደን እንየው» አለ። ለሚቀጥለው ቅዳሜ ተነጋግረናል። ከዚያ በኋላ ነው የምንወስነው።

አቀባዩ፣ ስለ ብሎኩ የጻፉትን ስትሰማ ልጄ እጇን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ ጣቶቿን አንድ በአንድ አየቻቸው። ለአሠልጣኟ እነግረዋለሁ ብላለች።

ክርና መርፌ፣ የልጄ መስቀል 21 በ21 ሳይሆን 23 በ23 ነበር። ጓንቱን ከአውራ ጣቱ በላይ ተረተረችው። ናሙና ሠርታ ማታ መታጠቢያ ቤት አጥባ ዘርግታዋለች። ዛሬ ጠዋት ከትምህርት ቤት በፊት ማስመሪያ ይዛ ስትለካው ነበር፤ በእሷ እጅ 27 ዓይንና 32 ረድፍ ወጣ። አሁን ስንት ረድፍ እንደምትጨምር ደብተሯ ላይ እያሰላች ነው።