የኢንዶኔዥያ አስፈሪ ፊልሞች፦ ፕሮዲዩሰሩ ከተረቱ ምኑን ይለውጥ፣ ምኑን ይተው?

ጠያቂ፦ ሰላም ለቤቱ። ፖቾንግና ኩንቲላናክ ኢንዶኔዥያ ውስጥ ልጅ አዋቂው የሚያውቃቸው መናፍስት ናቸው። ስልክና ፎቅ ወዳለበት ዘመን ሲመጡ በአንዱ ፊልም ያስፈራሉ፣ በሌላው ምንም አይሰማም። ልዩነቱ ምን ላይ ነው?

ባለከፈን፦ ዘመኑን ለውጥ፣ የመንፈሱን ደንብ ግን አትንካ። ፖቾንግን እንውሰድ። ሬሳው በከፈን ተጠቅልሎ ከራሱ በላይ፣ አንገቱና እግሩ ላይ ይታሰራል። መቃብር ሲገባ ማሰሪያው ይፈታል፤ ሳይፈታ ከቀረ ሬሳው ይነሣል ይላል ተረቱ። እግሩ ስለታሰረ ይዘላል እንጂ አይራመድም። ሃያኛ ፎቅ ላይ ብታወጣው ችግር የለም። በእጁ አንቆ እንዲገድል ካደረግኸው ግን ተበላሸ፤ እጁ ከፈኑ ውስጥ ነዋ! ታሪኩንም የሚያስኬደው ያ ቋጠሮ ነው፦ ማን ሳይፈታው ቀረ? ጨርቁ ላይም ተጠንቀቅ። ከፈን አይሰፋም፤ ካሜራ ቀርቦ የመኪና ስፌት ካሳየ ልብስ ሆነ ማለት ነው። አዲስ ነጭ ጥጥ መብራት ሲያርፍበት ስለሚያንጸባርቅ ሻይ ውስጥ ነክሮ ማደብዘዝ ይሻላል።

የድምፅ ሰው፦ የሴቷ መንፈስ፣ ኩንቲላናክ፣ የምትበላሸው ሚክሲንግ (የፊልሙ ድምፆች የሚቀላቀሉበት ሥራ) ላይ ነው። በተረቱ ሳቋ ጎልቶ ከተሰማ ሩቅ ናት፣ ቀንሶ ከተሰማ አጠገብህ ደርሳለች። ሚክሰሩ በልማድ ስትቀርብ ድምፁን ከፍ ያደርጋል፤ ያኔ የተረቱ ፍርሃት እንዳለ ይጠፋል። ሳቁን ከፊት ስፒከሮች በጉልህ ጀምር፣ እየቀነስክ ወደ ኋላዎቹ ውሰደው፣ የክፍሉንም ማስተጋባት አብረህ አስወግድ። ለውጭ አገር ተመልካች ደንቡን መጀመሪያ ላይ በአንድ ዓረፍተ ነገር አናግረው፤ አለዚያ ሄደች ብሎ ይዝናናል።

ከፕሮዳክሽን በኩል፦ ሁለቱም ልክ ናቸው። እኔ ፍጻሜውን እጨምራለሁ። በ1980ው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) «ፔንጋብዲ ሴታን» ፊልም ቤተሰቡን የሚያድነው የሃይማኖት ሰው ነው፤ እንደገና በተሠራው በ2017ቱ ግን እሱም አያድናቸውም። ያን ያህል ዘመናዊ ያደረገው ይህ ነው እላለሁ፣ ታሪኩ ራሱ በ1981 የሚካሄድ ሆኖ ሳለ። የፕሮዲዩሰሩ የማኖጅ ፑንጃቢ «ኬ.ኬ.ኤን. ዲ ዴሳ ፔናሪ» ፊልም ደግሞ በ2019 ትዊተር ላይ ከወጣ ታሪክ ተነሣ። ተማሪዎች ለማኅበረሰብ አገልግሎት (ኬ.ኬ.ኤን. ማለት ይኸው ነው) ገጠር ወርደው የመንደሩን ክልከላ ይጥሳሉ፤ አገልግሎቱን የአገሩ ተማሪ ሁሉ ያውቀዋል። በ2022 ለዒድ ሰሞን፣ ለ13 እና ለ17 ዓመት በላይ በሁለት ቅጂ ወጥቶ ከ9 ሚሊዮን በላይ ትኬት ሸጠ።

ጠያቂ፦ እግዜር ይስጥልኝ። መናፍስት ይወጡበታል የሚባለው «ዓርብ ክሊዎን» የሚሉት ቀንስ? ስክሪፕት ላይ እንደፈለጉ ያስገቡታል?

ከፕሮዳክሽን በኩል፦ አይቻልም። የኢንዶኔዥያ ደሴት ጃቫ የ5 ቀን የገበያ ሳምንት አላት፣ ክሊዎን አንዱ ቀን ነው። ከ7ቱ ቀን ጋር ሲጣመር ዓርብ ክሊዎን በየ35 ቀኑ ይመለሳል፤ በአንድ ወር ሁለት ጊዜ አይውልም። የሚፈራው ሌሊትም ሐሙስ ለዓርብ አጥቢያ ነው፣ ዓርብ ማታ አይደለም። የተዋናዩ ስልክ ላይ ቀን የሚታይ ከሆነ ከቀረጻ በፊት በጃቫ ካላንደር አመሳክሩት።