የድንገተኛ ካርድ ማሻሻያ፦ ረቂቅ 2 ላይ ያላችሁን እስከ ዓርብ ጻፉ

ጸሐፊ፦ ዋናው ሐሳብ አልተነካም። ድንገተኛ ክፍል በሚሞላው የበሽተኛ ካርድ ላይ ሦስት መስመር ይጨመር፦ ምን ነካው፣ እንዴት፣ የት። ሐኪሙ እነዚህን ካልጻፈ ካርድ ክፍል ለሪፖርት የምንሰጠው የበሽታ መለያ ኮድ (አይሲዲ-10) ግምት ነው። የምናሳትመው ጽሑፍ ርእስ «የመርዝ ጉዳት ኮድ አሰጣጥ በደሴና ኮምቦልቻ»። ማሳተሚያው ከመዋጮ ስለሚወጣ ዓርብ ይዘጋል።

ኮምቦልቻ ድንገተኛ፦ «መርዝ» ይውጣ። እኛ ጋ መርዝ ሲባል ሰው የሚሰማው ራሱን ሊያጠፋ ጠጣ ነው። ክሎሪን አፍኖት እያሳለ ከሥራ የመጣ ልጅ ካርድ ላይ መርዝ ብዬ ልጻፍ? እናቱ በር ላይ ቆማ? «ኬሚካል» በሉት።

ደሴ ካርድ ክፍል፦ የአይጥ መርዝ የበላችውን ኬሚካል በላች ልበል? በኮድ መጽሐፉ ከቲ51 እስከ ቲ65 ያለው ምድብ ስሙ ራሱ የመርዛማ ነገሮች ጉዳት ነው። እኛ አልፈጠርነውም።

ኮምቦልቻ ድንገተኛ፦ መጽሐፉን ቤተሰብ አያነበውም። ካርዱን ያነበዋል።

ገንዘብ ያዥ፦ ከርእሱ ሳንወጣ፣ ሁልጊዜ ደሴ የምትቀድመው ለምንድን ነው? ፋብሪካው ያለው ኮምቦልቻ፣ መዋጮውም እኩል።

ደሴ ካርድ ክፍል፦ በሪፈር የሚመጣው ሁሉ ወዴት ነው የሚመጣው?

ቃሉ ወረዳ ጤና ጣቢያ፦ የኛ ገበሬ መርዝም ኬሚካልም አይልም። «መድኃኒት ጠጣ» ነው የሚለው። የማሽላ መድኃኒት፣ የጤፍ መድኃኒት። ማላታይን የተባለውን ጸረ-ተባይ የጠጣው ሰውዬ «መድኃኒት» ተብሎ ይጻፍና ደሴ ሲደርስ ቲ50.9 ይሰጠዋል፤ ኪኒን እንደወሰደ ሰው። መሆን የነበረበት ቲ60.0 ነው። ወላሂ፣ በዚህ አያያዝ ሪፖርቱን ያየ ሰው ወረዳችን ውስጥ ጸረ-ተባይ የጎዳው የለም ይላል።

ደሴ ካርድ ክፍል፦ ይሄ እውነት ነው። አትሮፒን (የእንዲህ ያለ ጸረ-ተባይ ማርከሻ) መታዘዙን ሳይ እጠረጥራለሁ። ግን ከመድኃኒት ትእዛዝ ተነስቼ ምርመራ መጻፍ አልችልም፣ ሥራዬም አይደለም።

ኮምቦልቻ ድንገተኛ፦ ታዲያ «መርዝ» የሚለው ቃል ለገበሬውም አልሠራም ማለት ነው። ይውጣ።

ደሴ ካርድ ክፍል፦ ኬሚካልም አልሠራለትም!

ኮምቦልቻ ድንገተኛ፦ «እንዴት» የሚለውም ይቅር። ሆን ብሎ ነው ወይስ ተሳስቶ ብዬ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይ አባቱን አልጠይቅም። ካልታወቀ ዋይ18 (በጸረ-ተባይ ተጎድቶ ሆን ተብሎ ይሁን በድንገት ያልተለየ) አስገቡና እለፉ።

ደሴ ካርድ ክፍል፦ ዋይ18 ባዶ ቦታ መሙያ አይደለም። ሐኪም ወይም ፖሊስ አጣርቶ መለየት ሲያቅተው ነው። በድንገት ከሆነ ኤክስ48፣ ሆን ብሎ ከሆነ ኤክስ68። አንተ ስላልጠየቅህ እኔ አልዋሽም።

ኮምቦልቻ ድንገተኛ፦ አንድ ሌሊት እኔ ጋ እደርና ከዚያ ስለ ውሸት አውራኝ።

ሰብሳቢ፦ አብሽሩ እንጂ ልጆች። ሁለታችሁም ለአንድ በሽተኛ ነው የምትከራከሩት። «የኬሚካልና የመርዝ» ይባል።

ደሴ ካርድ ክፍል፦ ጋሼ፣ እርስዎ ካሉ እሺ። ይቅርታ ወንድሜ፣ ቃሌ ከረረ።

ኮምቦልቻ ድንገተኛ፦ የኔም። ግን «ኬሚካል» መቅደሙን ልብ በሉልኝ።

ጸሐፊ፦ የድሮ ካርዶችን አገላብጬ ምን ያህሉ ላይ ሦስቱ ነገሮች እንዳልተጻፉ አወጣለሁ ያለው ወንድማችን የት ደረሰ? ሁለት ጊዜ ደወልኩ፣ አያነሳም።

ቃሉ ጤና ጣቢያ፦ እሱን ተዉት። እኔ የአካባቢ መጠሪያ ዝርዝር ላዘጋጅ፤ ሰው የሚለው በአንድ በኩል፣ ኮዱ በሌላ። ቱፎርዲ (የአረም ማጥፊያው) ቲ60.3፣ የአይጥ መርዝ ቲ60.4፣ የከሰል ጭስ ቲ58። ግድግዳ ላይ ይለጠፋል።

ሰብሳቢ፦ ይሄ ይሠራል። ካርድ መቀየር የበላይ አካል ፈቃድ ይጠይቃል፤ ዝርዝር መለጠፍ ማንንም አይጠይቅም።

ጸሐፊ፦ ረቂቅ 3 ተለጥፏል። ርእስ፦ «የኬሚካልና የመርዝ ጉዳቶች የአካባቢ መጠሪያ ዝርዝር፦ ኮምቦልቻ፣ ደሴ፣ ቃሉ»። አንድ ገጽ።

ኮምቦልቻ ካርድ ክፍል፦ እስካሁን ዝም ያልኩት ይስማማሉ ብዬ ነው። «የት» የሚለው መስመር የታለ? ነገሩን ያስነሳችው የአምናዋ የፋብሪካው ማቅለሚያ ክፍል ልጅ አይደለችም እንዴ? ካርዷ ላይ «ብሮንካይትስ» ብቻ ነበር የተጻፈው። ኮዱን የሰጠሁት እኔ ነኝ፣ ጄ40፣ ተራ ብሮንካይትስ። የቀለም ጭስ ስባ መሆኑ ተጽፎ ቢሆን ጄ68.0 ነበር፣ ከኬሚካል ጭስ የመጣ ብሮንካይትስ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 በሥራ ምክንያት የሚመጣ በሽታን የሥራ ላይ ጉዳት ነው ይላል። ካሳ ስትጠይቅ ግን «ማንንም የሚይዝ ብሮንካይትስ ነው» ብለው በኔው ወረቀት መለሷት። ዝርዝራችሁ ውስጥ እሷ የለችም። ምንም አልጠጣችም፣ መጠሪያም የላትም።

ጸሐፊ፦ እውነትሽን ነው እህቴ። ካርዱ ግን ለሁለተኛው ዙር ተላልፏል።

ኮምቦልቻ ካርድ ክፍል፦ እንግዲያው ግርጌው ላይ ይግባ፦ «በሥራ ላይ ከሆነ የሥራ ክፍሉንና የነካውን ነገር ጻፉ»። ተጨማሪ ወጪ ካለው እኔ እችላለሁ።

ገንዘብ ያዥ፦ ገጹ ሞልቷል። ፊደሉ ትንሽ ቢደረግ ይገባ እንደሆነ ነገ ማተሚያ ቤቱን ጠይቄ እመለሳለሁ።