ፀር ነው እንጂ ገዳይ አይደለም፦ «ፀረ-ሄርፒስ» ስለሚለው ቃል

ጥያቄ፦

ሰላም ለዚህ ቤት። ባሕር ዳር የምሠራ ነርስ ነኝ። ለታካሚዎች የሚታደል ባለ አንድ ገጽ ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ አንድ ቃል ላይ ቆምኩ። «አንቲሄርፔቲክ» ይላል። ሄርፒስን፣ ማለትም ከንፈር፣ ጎን ወይም ብልት ላይ ውሃ የቋጠረ ቁስል የሚያወጡትን ቫይረሶች፣ የሚዋጉ መድኃኒቶች ማለት እንደሆነ ይገባኛል። በአማርኛ ምን ልበለው? መጀመሪያ «የሄርፒስ ማርከሻ» ብዬ ጻፍኩ፤ ደስ አላለኝም። አንዲት ባልደረባዬ «የሄርፒስ መከላከያ በይው» አለችኝ። እሱም አልተዋጠልኝም። ደግሞስ ቃሉ ብቻውን ይቆማል ወይስ «መድኃኒት» የሚል መከተል አለበት?

መልስ፦

እህቴ፣ አጭሩ መልስ «ፀረ-ሄርፒስ መድኃኒት» ነው። አንቺ ግን አጭር መልስ ፈልገሽ ብቻ የጠየቅሽ አልመሰለኝም። ስለዚህ ትንሽ ልዘርዝረው።

«መከላከያ» ከሆነ ሰው ሳይታመም የሚወስደው ነገር ይሆናል። ክትባት መከላከያ ነው። እነዚህ መድኃኒቶች ግን በአብዛኛው የሚሰጡት በሽታው ከወጣ በኋላ ነው። «ማርከሻ» የመርዝ ነው። የእባብ መርዝ ማርከሻ እንላለን። መርዙን ከንቱ ያደርገዋል፣ ነገሩ እዚያው ያልቃል። ሄርፒስ ላይ ነገሩ እዚያው አያልቅም። «ፈዋሽ» ካልሽ ደግሞ የማይፈጸም ቃል ገባሽ።

«ፀረ» የሚለው ከግዕዙ ፀር የመጣ ነው። ፀር ማለት ጠላት ነው። ፀረ-ተባይ የተባይ ጠላት ነው። ፀረ-ወባ የወባ ጠላት። ይህን ቃል የምወደው ልኩን ስለሚያውቅ ነው። ጠላት ይዋጋል፣ ይገፋል፣ መንገድ ይዘጋል። ሁልጊዜ ይገድላል ማለት ግን አይደለም። የፀረ-ሄርፒስ መድኃኒት ሥራም ልክ እንደዚሁ ነው።

ዋነኛው አሳይክሎቪር ነው። ቫይረሱ ሲባዛ የዘሩን ጽሑፍ ፊደል በፊደል ይገለብጣል። የጣናን ገዳማት ብራናዎች ያየ ሰው ይህን ለማሰብ አይቸገርም። ቁም ጸሐፊ ከአንዱ ብራና ወደ ሌላው ሲገለብጥ አንድ የሐሰት ፊደል ተቀላቀለ እንበል። ፊደሉ እውነተኛውን ይመስላል፣ ግን ከእሱ ኋላ ሌላ ፊደል ሊቀጠል አይችልም። ጽሑፉ እዚያው ይቆማል። አሳይክሎቪር ያ የሐሰት ፊደል ነው። የሚገርመው ደግሞ መድኃኒቱን በመጀመሪያ የሚቀሰቅሰው የቫይረሱ የራሱ ኢንዛይም ነው። ስለዚህ ቫይረሱ በሌለበት ጤነኛ ሕዋስ ውስጥ መድኃኒቱ አብዛኛውን ጊዜ ሳይነቃ ያልፋል። ይህን ሥራ ከመሩት አንዷ ገርትሩድ ኤልየን ናት። በ1988 እ.ኤ.አ. ከሁለት ሳይንቲስቶች ጋር የኖቤል ሽልማት ተቀብላለች።

አሁን ወደ ቃሉ ልመለስ። ቫይረሱ ከቁስሉ ሲመለስ ነርቭ ውስጥ ገብቶ ያደፍጣል። ያደፈጠ ቫይረስ አይገለብጥም። የማይገለብጥ ላይ የሐሰት ፊደል ምን ያደርጋል? ምንም። ስለዚህ መድኃኒቱ ቁስሉን ያሳጥራል፣ ሥሩን ግን አይነቅልም። «ፀረ» ይህን ሁሉ በሁለት ፊደል ይይዛል። ሕዝባችንም ለዚህ ሐሳብ እንግዳ አይደለም። ፀረ-ኤች አይ ቪ መድኃኒት በ1997 ዓ.ም. በነጻ መሰጠት ከጀመረ ወዲህ፣ ቫይረሱን አስተኝቶ የሚያኖር ግን የማያስወጣ መድኃኒት ምን እንደሆነ ገጠር ያሉ እናቶች ሳይቀሩ ያውቁታል።

ብቻውን ይቆማል ወይ ላልሽው፣ ፀረ-ተባይ ብቻውን ቆሟል። «ፀረ-ተባይ ረጨ» ሲባል ማንም «ፀረ-ተባይ ምን?» አይልም። ፀረ-ሄርፒስ ገና እዚያ አልደረሰም። «ፀረ-ሄርፒስ ታዘዘላት» ቢባል ጆሮ ያንገራግራል። መድኃኒት የሚለውን ጨምሪ።

«ፀረ-ቫይረስ» ብለሽ እንዳትገላገይ ደግሞ። ለወጣቱ ፀረ-ቫይረስ ማለት ኮምፒውተሩ ላይ የሚጭነው ነው። ለእኔ ዕድሜ ሰው ደግሞ «ቫይረሱ» ማለት አንድ ቫይረስ ብቻ ነበር። «ቫይረሱ አለበት» ሲባል የቱ ተብሎ አይጠየቅም።

ከፋርማሲ በኩል፦

ጋሼ በደንብ አስረድተዋል። እኔ ከመደርደሪያው በኩል ትንሽ ልጨምር። ስሞቹ ራሳቸው ይናገራሉ። አሳይክሎቪር ውስጥ ያለው «አ» አፍራሽ ነው፣ «የሌለው» ማለት ነው። «ሳይክሎ» ቀለበት ነው። እውነተኛው ፊደል የስኳር ቀለበት አለው፣ ይህ ግን ቀለበቱ የተከፈተ ነው። «ቪር» የቫይረስ መድኃኒት መሆኑን ይናገራል። ቴኖፎቪርም ሬምዴሲቪርም መጨረሻቸው እሱ ነው። «ሳይክሎቪር» የሚል ጅራት ካየሽ ግን ወደ ሄርፒስ ቤተሰብ ቀርበሻል፦ ቫላሳይክሎቪር፣ ፋምሳይክሎቪር፣ ጋንሳይክሎቪር። ቫላሳይክሎቪር ሰውነት ውስጥ ሲገባ ተመልሶ አሳይክሎቪር ይሆናል። ጥቅሙ ከአንጀት በደንብ መግባቱ ነው። አሳይክሎቪር ቶሎ ከሰውነት ስለሚወጣ ለአልማዝ ባለጭራ በቀን 5 ጊዜ ይታዘዛል። ቫላሳይክሎቪር 3 ጊዜ ይበቃዋል።

እኛ ጋ የሚመጣ ሰው ግን ከነዚህ ስሞች አንዱንም አይጠራም። «የምች ቅባት አለ?» ነው የሚለው።

ጠያቂዋ፦

እንግዲያው «ሄርፒስ» የሚለውንስ ለምን በአማርኛ አልተካውም? ምች ልበለው?

መልስ፦

እዚህ ላይ ነው ልቤ ያለው።

ምች ሰፊ ቃል ነው። ፀሐይ ላይ ውሎ ራሱን ያመመው፣ ያተኮሰው፣ ብርድ ብርድ ያለው ሁሉ «ምች መታኝ» ይላል። ዳማከሴ ተጨምቆ በቡና ይሰጠዋል፣ ፊቱም ይታሻል። አያቴ በዘጌ ቡና ላይ ጠብ ስታደርገው ሽታው እስከ ደጅ ይደርስ ነበር። ተክሉንም «የምች መድኃኒት» ነበር የምትለው። ከንፈር ላይ የሚወጣው ውሃ የቋጠረ ቁስል ከምች አንዱ ምልክት ብቻ ነው። ስለዚህ ምችና ሄርፒስ አንድ አይደሉም። አንዱ በሌላው ውስጥ ይገባል እንጂ።

ግን የድሮ ሰው ሳያይ አልተናገረም። ኃይለኛ ፀሐይ ያደፈጠውን ቫይረስ ይቀሰቅሰዋል። ትኩሳትም ይቀሰቅሰዋል። ቀኑን ሙሉ በደንገል ታንኳ ላይ ሆኖ፣ ፀሐይ ከላይም ከውሃውም እየመታው የዋለ ዓሣ አስጋሪ ከንፈሩ ቢቆስል ምች ማለቱ ትክክል ነው። ወባ ይዞት የተነሣ ሰው ከንፈሩ ሲቆስልም እንዲሁ። ምክንያቱን ይዘውታል። የጎደላቸው ቫይረሱን ማየት ነው።

ሁለተኛው ቃል አልማዝ ባለጭራ ነው። እሱ ጠባብና ትክክለኛ ነው። ሄርፒስ ዞስተር ማለት ነው፣ አለቀ። በልጅነት ጉድፍ ያወጣው ቫይረስ ነርቭ ውስጥ ተኝቶ ቆይቶ፣ ዕድሜ ሲገፋ ወይም አቅም ሲደክም በአንዱ ነርቭ መንገድ ይወጣል። ለዚህ ነው በአንድ ጎን ብቻ ከጀርባ ወደ ደረት ተስቦ የሚመጣው። ግሪኮቹ ዞስተር ያሉት መታጠቂያ፣ መቀነት ማለታቸው ነው። እኛ ጭራ አልነው። ሄርፒስ ራሱ ከግሪክ «መዳህ፣ መሳብ» ከሚል ግስ የወጣ ነው። ቃል በቃል እንተርጉመው ብንል «ተስቦ» ላይ እናርፋለን። ተስቦ ደግሞ ሌላ በሽታ ይዞታል፤ የአንጀት ተስቦ እንላለን። ስለዚህ ሄርፒስ ሄርፒስ ይባል። ብቻውን ግን አይሂድ።

ለምን እንዲህ እንደምል ልንገርሽ። ዓባይ ማዶ የምትኖር አክስት አለችኝ። ከጥቂት ዓመታት በፊት ቀኝ ጎኗን ያቃጥላት ጀመር። በማግሥቱ ውሃ የቋጠሩ ነጠብጣቦች ወጡ። አንድ ጤና ተቋም ሄደች። ያያት ሰው «ሄርፒስ ነው» ብሎ ወረቀት ሰጣት። ሌላ ቃል አልጨመረም። አክስቴ ሄርፒስ የሚለውን የምታውቀው የአባላዘር በሽታ ሆኖ ነው። ባሏ ከሞተ ስንት ዘመኑ ነው። ወረቀቱን መቀነቷ ውስጥ ቋጥራ ቤቷ ገባች። ለልጆቿ አላሳየችም። መድኃኒቱንም አልገዛችም።

በስድስተኛው ቀን ልጠይቃት ስሄድ ቀሚሷን ከጎኗ በእጇ ገፍታ ይዛ ተቀምጣለች። ጨርቅ ሲነካት ያማታል። «ምንድን ነው እትዬ?» ብላት ዝም። ብዙ ለምኜ ወረቀቱን ሰጠችኝ። አንብቤ «ይሄ እኮ አልማዝ ባለጭራ ነው» አልኳት። ፊቷን ብታዪው! «አልማዝ ባለጭራ ብቻ ነው?» አለችኝና አለቀሰች። ያን ስም ብትሰማ በዚያው ቀን መድኃኒቷን ትጀምር ነበር። ፀረ-ሄርፒስ መድኃኒት ለአልማዝ ባለጭራ በደንብ የሚሠራው ሽፍታው በወጣ በ72 ሰዓት ውስጥ ሲጀመር ነው። እሷን ያ ጊዜ አልፏት ነበር። ቁስሉ ደረቀ፣ የነርቩ ሕመም ግን ለወራት አብሯት ቆየ።

ቃሉ ስሕተት አልነበረም። ግማሽ ነበር። ስለዚህ በጽሑፍሽ ላይ የሐኪሙንም የሰፈሩንም ስም ጎን ለጎን አድርጊልኝ። ከንፈር ላይ የሚወጣውን፣ ጎን ላይ የሚወጣውን፣ ብልት ላይ የሚወጣውን ለይተሽ ጻፊ። ቤተሰቡ አንድ ነው፣ ቫይረሶቹ ግን ይለያያሉ። የብልቱንም ብትሆን የሚያሳፍር አድርገሽ አትጻፊው። እሱም መድኃኒት የሚፈልግ በሽታ ነው።

ከፋርማሲ በኩል፦

ይህን አንብቤ ዝም ብዬ ተቀመጥኩ። እኔም ቅባቱን ስሰጥ «ይሄ የከንፈር ነው» ብዬ አልፋለሁ። አልማዝ ባለጭራ የሚዋጠውን እንጂ የሚቀባውን እንደማይፈልግ የማይነገረው ሰው ይኖራል። አንቲባዮቲክ ካልሰጠኸኝ ብሎ የሚከራከርም አለ። አንቲባዮቲክ የባክቴሪያ ፀር ነው፣ ቫይረሱን አይነካውም። ይህንንም አንድ መስመር ብትጨምሪበት።

ጠያቂዋ፦

ጋሼ፣ ለአክስትዎ እግዜር ይማራት። ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። እንዲህ አድርጌዋለሁ፤ እዩልኝ።

«ጸረ-ሄርፒስ መድኃኒቶች የሄርፒስ ቫይረሶች እንዳይባዙ የሚያደርጉ መድኃኒቶች ናቸው። ቫይረሱን ከሰውነት ጨርሰው አያስወጡም። በአንድ ጎን ብቻ የሚያቃጥል ሽፍታ፣ ማለትም አልማዝ ባለጭራ (ሄርፒስ ዞስተር) ከወጣብዎ በ3 ቀን ውስጥ ወደ ጤና ጣቢያ ይምጡ። አልማዝ ባለጭራ የአባላዘር በሽታ አይደለም። ከንፈር ላይ በምች ጊዜ የሚወጣው ቁስልም ከዚሁ ቤተሰብ ነው። ዓይንዎ አጠገብ ከወጣ ቀን ሳይጠብቁ ይምጡ።»

መልስ፦

በጣም ጥሩ ነው። የዓይኑን መጨመርሽ ደስ ብሎኛል፣ እኔ ረስቼው ነበር። «ከወጣብዎ» ብለሽ በአክብሮት መጻፍሽም ለአክስቴ ዓይነቱ ሰው ልክ ነው።

አንዲት ነገር ብቻ። «ጸረ» በጸሎቱ ጸ ጽፈሽዋል። ጠላት የሆነው ፀር በፀሐዩ ፀ ነው። እሷን አስተካክለሽ አሳትሚው። ሲታተም አንድ ቅጂ ዓባይ ማዶ አደርሳለሁ።