ልጄን ከአጥቂነት ወደ ተከላካይ አማካይነት አዛወሯት፤ በዚህ ቦታ የሚጠብቃት የኳስ ሕይወት ምን ይመስላል?

የልጅቷ እናት

ጤና ይስጥልኝ። 15 ዓመት የሆናት ልጄ ኳስ መጫወት ከጀመረችበት ጊዜ አንሥቶ አጥቂ ነበረች፤ በቡድኗም ውስጥ ብዙ ግብ የምታስቆጥረው እርሷ ነበረች። ከሁለት ወር በፊት ግን አሰልጣኟ የዘጠኝ ቁጥሩን ቦታ ለሌላ ልጅ ሰጥተው እርሷን ከተከላካዮቹ ፊት፣ በስድስት ቁጥር ቦታ አሰለፏት። የመጀመሪያው ቀን ጨዋታ እንዳለቀ ጫማዋን እንኳ ሳትፈታ መኪና ውስጥ ገብታ አለቀሰች። «እማዬ፣ ከእንግዲህ ማንም አያየኝም» ነበር ያለችኝ። እኔም ከመስመሩ ውጭ ቆሜ ስመለከት እውነቷን መሰለኝ፤ ኳስ ትቀበላለች፣ ታቀብላለች፣ ወደ ቦታዋ ትመለሳለች፤ ያጨበጨበላት ሰው አልነበረም።

አሰልጣኟን ቀርቤ ብጠይቃቸው «ጨዋታ ታነባለች፤ እንዲህ ያለ ልጅ በቀላሉ አይገኝም» ከማለት በቀር ሰፋ ያለ ማብራሪያ አልሰጡኝም። ልጄ ኳስን መተዳደሪያዋ ልታደርገው ቆርጣ ተነሥታለች፤ እኔም ትምህርቷን እስካልተወች ድረስ ከጎኗ ልቆም ቃል ገብቼላታለሁ። ስለዚህ ቦታውን የምታውቁት ሰዎች ብትረዱኝ ውለታችሁን አልረሳም። ይህ የቦታ ለውጥ በእርግጥ ዝቅ መደረግ ነው? በመሀል ሜዳ የምትጫወት ሴት የኳስ ዘመኗ ምን ያህል ይዘልቃል፣ ምንስ ያሳጥረዋል? እናት እንደመሆኔ ከአሁኑ ልጠነቀቅለት የሚገባኝ ነገር ካለም ንገሩኝ።

የቀድሞ ስድስት ቁጥር

ውድ እህቴ፣ የልጅዎን እንባ በሚገባ አውቀዋለሁ። እኔም በ17 ዓመቴ ከክንፍ ተነሥቼ መሀል ላይ ስሰለፍ ለብዙ ሳምንታት ከአሰልጣኜ ጋር በቅጡ አልተነጋገርኩም ነበር። ጫማዬን እስክሰቅል ድረስ ግን ከዚያ ቦታ አልወጣሁም፤ ሌላ ቦታ ቢሰጡኝም እምቢ የምል ይመስለኛል።

እ.ኤ.አ. በጁላይ 2022 በዌምብሌይ የተደረገውን የአውሮፓ የሴቶች ዋንጫ ፍጻሜ ከልጅዎ ጋር ቁጭ ብላችሁ እንድትመለከቱት እመክራለሁ። በ62ኛው ደቂቃ የእንግሊዟ ተከላካይ አማካይ ኬይራ ዋልሽ በራሷ የሜዳ ክልል ኳስ ይዛ ቀና ስትል፣ ኤላ ቱን በጀርመን ተከላካዮች መካከል ሾልካ መሮጥ ጀምራ ነበር። ዋልሽ በአንድ ረጅም ኳስ መላውን የጀርመን መሀል ሜዳና የተከላካይ መስመር አለፈችው፤ ቱን ደግሞ ለመዝጋት የወጣችውን ግብ ጠባቂ ኳሱን ከአናቷ በላይ አሳልፋ አስቆጠረች። ጀርመን አቻ ብትሆንም እንግሊዝ በተጨማሪ ሰዓት 2 ለ 1 አሸንፋ ዋንጫውን ወሰደች። በዚያ ጨዋታ ግብ ያላስቆጠረችው ዋልሽ የጨዋታው ምርጥ ተጫዋች ተብላ ተመረጠች፤ ከሁለት ወር ባልበለጠ ጊዜ ውስጥም በሴቶች እግር ኳስ እስከዚያ ድረስ ከተከፈለው ሁሉ ከፍተኛ እንደነበር በተነገረለት የዝውውር ገንዘብ ከማንቸስተር ሲቲ ወደ ባርሴሎና ሄደች። እንግዲህ ገንዘብ የሚከፍሉት ሰዎች ያዩአትን፣ የሚያጨበጭበው ተመልካች ላያያት ይችላል ማለት ነው።

ከመስመሩ ውጭ ቆመው ሲመለከቱ ኳሱን ለጊዜው ይተዉትና የልጅዎን አንገት ይከታተሉ። ኳሱ ከተከላካይዋ እግር ተነሥቶ ልጅዎ ዘንድ እስኪደርስ ያለው ጊዜ ቢበዛ ሁለት ሰከንድ ነው። ጥሩ ስድስት ቁጥር በዚያች ቅጽበትና ከዚያም በፊት በግራና በቀኝ ትከሻዋ በኩል ወደ ኋላዋ ትቃኛለች፤ ከኋላዋ ማን እንዳለ፣ ማን ነጻ እንደሆነ፣ ወደየት መዞር እንደምትችል ኳሱ ሳይደርሳት አውቃ ትጨርሳለች። ከዚያ ሰውነቷን ጎንዮሽ አድርጋ፣ ከኳሱ ራቅ ባለው እግሯ ስትቀበለው አንዱ ንክኪ ብቻውን ወደ ፊት ያዞራታል። ቀድማ ያልቃኘችው ደግሞ ፊቷን ወደ ራሷ ግብ እንደሰጠች ትቀበልና ኳሱን ወደመጣበት ከመመለስ ሌላ ምርጫ አይኖራትም። አሰልጣኟ «ጨዋታ ታነባለች» ያሉት ይህንን አይተው ይመስለኛል፤ ይህ ደግሞ በ15 ዓመት ዕድሜ ላይ ብዙ ጊዜ የማይታይ ነገር ነው።

ማንም አያየኝም ላለችው ደግሞ አንድ ነገር ይንገሯት። እ.ኤ.አ. ከ2021 እስከ 2025 የተሰጡትን አምስት የሴቶች ባሎን ዶር (የዓመቱ የዓለም ምርጥ ተጫዋች) ሽልማቶች በሙሉ የወሰዱት አማካዮች ናቸው፤ አሌክሲያ ፑቴያስ ሁለቱን፣ አይታና ቦንማቲ ሦስቱን። እርግጥ ነው፣ ሁለቱም ከስድስት ቁጥር ይልቅ ወደ ፊት ቀረብ ብለው የሚጫወቱ ናቸው፤ ይህንን ሳልገልጽ ማለፍ ልጅቷን ማታለል ይሆንብኛል። ቢሆንም ጨዋታን ከመሀል ሆኖ መምራት በዚህ ዘመን ምን ያህል እንደሚከበር ያሳያል።

የፎርሚጋ አድናቂ

ስለ ዘመን ርዝመት ከተነሣ የብራዚሏን ፎርሚጋን ሳይጠሩ ማለፍ አይቻልም። የመዝገብ ስሟ ሚራይልደስ ማሲየል ሞታ ሲሆን «ፎርሚጋ» በፖርቱጋል ቋንቋ ጉንዳን ማለት ነው፤ ለራሷ ሳትል ለቡድኗ የምትለፋ በመሆኗ የወጣላት ስም ነው። የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1978 በሳልቫዶር ከተማ ነው። ብራዚል ከ1941 ጀምሮ ሴቶች እግር ኳስ እንዳይጫወቱ በሕግ ከልክላ ነበርና፣ ክልከላው የተነሣው እርሷ ከተወለደች በኋላ በ1979 ነው። በሌላ አነጋገር ይህች ሴት ስትወለድ ኳስ መጫወቷ ሕገ ወጥ ነበር።

ይህችው ልጅ በ1995 ገና በ17 ዓመቷ የመጀመሪያውን የዓለም ዋንጫ ተጫወተች፤ የመጨረሻውን በ2019 ስትጫወት 41 ዓመቷ ነበር። በጠቅላላው ሰባት የዓለም ዋንጫ፣ ሰባት ኦሊምፒክ። ሰባት የዓለም ዋንጫ የተጫወተ ሰው ከወንዶችም ከሴቶችም ከእርሷ በቀር የለም። በ2015 ደቡብ ኮሪያ ላይ ግብ ስታስቆጥር የ37 ዓመት ሴት ነበረች፤ በ2016 ከብሔራዊ ቡድን ብትሰናበትም በ2018 ተለምና ተመለሰች። ሌሎች ጫማ በሚሰቅሉበት ዕድሜ፣ 39 ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሲቀራት፣ ወደ ፓሪ ሴን ዠርመን ተዛውራ እስከ 2021 ድረስ እዚያው ቆየች። በዚያው በመጨረሻው ዓመቷም ክለቡ በተቀናቃኙ በሊዮን ክለብ ተይዞ የኖረውን የፈረንሳይ ሊግ ዋንጫ ለመጀመሪያ ጊዜ አነሣ።

ይህንን ያህል የዘለቀችው ፈጣን ስለነበረች አይደለም። አጥቂ ፍጥነቷ በቀነሰ ቁጥር የሚተካት ይመጣል፤ ከተከላካዮች ፊት የምትቆም ተጫዋች ግን ኳሱ የሚወድቅበትን ቦታ ቀድማ ካወቀች መሮጥ የሚኖርባት ርቀት ያጥራል፣ ይህ ዕውቀት ደግሞ ከዕድሜ ጋር ይጨምራል እንጂ አይቀንስም። ያም ሆኖ ለልጅዎ ሁሉንም ይንገሯት፤ ፎርሚጋ በዚያ ሁሉ ዘመን የዓለም ዋንጫም የኦሊምፒክ ወርቅም አላገኘችም። በ2004 እና በ2008 ኦሊምፒክ ብር፣ በ2007 የዓለም ዋንጫ ሁለተኛነት ነው ያገኘችው። እኔ ይህ ክብሯን ይቀንሰዋል አልልም፤ ዕድሉ ሰምሮላት የተሳካላት አማካይ ማየት ለምትሻ ግን ጃፓናዊቷ ሆማሬ ሳዋ አለች። በ2011 የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ጃፓን በአሜሪካ 2 ለ 1 እየተመራች ሳለ፣ ሳዋ በ117ኛው ደቂቃ ከማዕዘን የተሻማውን ኳስ ወደ ግብ ለውጣ አቻ አደረገች፤ ጃፓንም በመለያ ምት አሸነፈች። የውድድሩ ምርጥ ተጫዋችም፣ በአምስት ግብ ከፍተኛ ግብ አስቆጣሪም እርሷው ነበረች።

የአካል ብቃት አሰልጣኝ

እኔ ዘመኑን ስለሚያሳጥረው ነገር ብቻ ልናገር። በመሀል ሜዳ የሚጫወት ሰው ቀኑን ሙሉ ሲዞር፣ ድንገት ሲቆምና አቅጣጫ ሲቀይር ስለሚውል ጉልበት ይፈተናል። በጉልበት ውስጥ ያለው የፊተኛው መስቀለኛ ጅማት ሴት ተጫዋቾች ላይ ከወንዶች ይልቅ በብዛት ይበጠሳል፤ የሚያስገርመው ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ማንም ሳይነካት፣ ዘልላ ስታርፍ ወይም ስትዞር የሚደርስ መሆኑ ነው። አሌክሲያ ፑቴያስ እ.ኤ.አ. በጁላይ 2022 የአውሮፓ ዋንጫ ሊጀመር አንድ ቀን ሲቀረው በልምምድ ላይ የግራ ጉልበቷ ጅማት ተበጥሶ ውድድሩ አመለጣት፤ ወደ ሜዳ የተመለሰችው በሚቀጥለው ዓመት ኤፕሪል ላይ ነው። ከዚያ በኋላ ከስፔን ጋር የዓለም ዋንጫ አንሥታለች፤ በ2024 የሻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜም ተቀይራ ገብታ ሊዮን ላይ አስቆጥራለች። ስለዚህ ጉዳቱ የሕይወት መጨረሻ አይደለም፤ ነገር ግን ለ15 ዓመት ልጅ ዘጠኝ ወርና ከዚያ በላይ ከሜዳ መራቅ እጅግ ከባድ ነው።

መከላከያ አለው። ፊፋ 11 ፕላስ የሚባለው የማሟሟቂያ ሥርዓት 20 ደቂቃ ያህል የሚወስድ ሲሆን ጉልበትን ወደ ውስጥ ሳይሰብሩ ማረፍን፣ የጭን ኋላ ጡንቻን ማጠንከርንና ሚዛን መጠበቅን ያሠለጥናል፤ በሳምንት ሁለትና ሦስት ጊዜ ሳይቋረጥ ከተሠራ ጉዳትን በግልጽ ይቀንሳል። አሰልጣኟ ይህን ያሠሩ እንደሆነ በትህትና ይጠይቋቸው፤ ካላሠሩ ቤት ውስጥም መሥራት ይቻላል።

ሌላው እናት ብቻ የምታየው ነገር ነው። የልጅዎ የወር አበባ ለወራት ቢቋረጥ «ስፖርተኛ ስለሆነች ነው» ብለው እንዳያልፉት። ብዙ ጊዜ የምትበላው ከምታወጣው ጉልበት ማነሱን የሚያሳይ ምልክት ነው፤ ሲቆይም አጥንቷን ያሳሳዋል። ሳይዘገዩ ወደ ሐኪም ይውሰዷት።

የልጅቷ እናት

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። የወር አበባውን ነገር እኔም እንደ ቀላል አየው ነበር፤ ነገ ዛሬ ሳልል እጠይቃታለሁ። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ጊዜው ገና ቢሆንም፣ ይህን ሥራ የያዘች ሴት ልጅ መውለድ ብትፈልግ ሥራዋን ታጣለች እያሉ ሲያወሩ እሰማለሁ። እውነት ነው?

የውል አማካሪ

እውነት የነበረበት ጊዜ ነበር፤ ያንን የቀየረችውም አማካይ ናት ማለት ይቻላል። አይስላንዳዊቷ ሳራ ቢዮርክ ጉናርስዶቲር እ.ኤ.አ. በ2020 የሻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜ ለሊዮን የመጨረሻዋን ግብ ያስቆጠረች ተጫዋች ናት። በሚቀጥለው ዓመት አረገዘችና ለመውለድ ወደ አገሯ ሄደች፤ በዚያ ጊዜ ክለቡ ደመወዟን በሙሉ አልከፈላትም። ዝም አላለችም። በተጫዋቾች ማኅበር አማካይነት ጉዳዩን ወደ ፊፋ የዳኝነት አካል አቀረበች፤ ያ አካልም ከ82 ሺህ ዩሮ በላይ ከነወለዱ እንዲከፈላት ወሰነ። ወንድ ልጅ ከወለደች በኋላም ወደ ሜዳ ተመልሳ ለዩቬንቱስ ተጫውታለች።

የተደገፈችው ከ2021 መጀመሪያ አንሥቶ በጸናው የፊፋ ደንብ ነው። ደንቡ አንዲት ባለሙያ ተጫዋች ቢያንስ 14 ሳምንት የወሊድ ፈቃድ እንዲኖራት፣ በዚያም ጊዜ ቢያንስ ከደመወዟ ሁለት ሦስተኛው እንዲከፈላት ያዛል፤ ማርገዟን ምክንያት አድርጎ ውል ማቋረጥንም ይከለክላል። በ2024 ደግሞ ከወር አበባ ጋር በተያያዘ የጤና ችግር ምክንያት ከልምምድ ብትቀር ሙሉ ደመወዟ እንዲከፈላት ተጨምሯል። ደንብ መኖሩ ብቻውን ግን አይበቃም፤ ሳራ ያሸነፈችው መብቷን ስላወቀችና እስከ መጨረሻው ስለተከራከረች ነው።

ለልጅዎ አሁን የሚያስፈልጓት ሁለት ነገሮች ናቸው። 18 ዓመት ሳይሞላት የምትፈርመው ውል በፊፋ ደንብ ከሦስት ዓመት መብለጥ አይችልም፤ በዚህ ዕድሜዋ ወደ ሌላ አገር ክለብ መዛወርም ጥቂት ልዩ ሁኔታዎች ካልተሟሉ በቀር የተከለከለ ነው። ስለዚህ «ውጭ አገር እወስዳታለሁ» የሚል ደላላ ቢመጣ ደንቡን ጠቅሰው ይጠይቁት። ውል ሲቀርብላችሁም ከደመወዙ በፊት፣ ጉዳት ቢደርስባት የቀዶ ሕክምናውን ወጪ ማን እንደሚሸፍንና ከሜዳ ርቃ በምትቆይበት ጊዜ ደመወዟ መቀጠሉን የሚገልጸውን አንቀጽ ያንብቡ። የብዙዎቹ ተጫዋቾች ዘመን እንደ ፎርሚጋ አይረዝምምና፣ ትምህርቷን በተመለከተ የያዙትን አቋም አይልቀቁ።

የልጅቷ እናት

የመጨረሻ መልእክቴ ነው። የዋልሽን ኳስ ከልጄ ጋር ደጋግመን አየነው። ከዚያም ቅዳሜ ጨዋታ ስለነበራት «አንገቴን ቁጠሪልኝ» ብላኝ ሄደች፤ እኔም ኳስ ወደ እርሷ በመጣ ቁጥር ቀድማ ወደ ኋላዋ መቃኘቷን በወረቀት ላይ ምልክት እያደረግሁ ቆጠርኩ። በመጀመሪያው አጋማሽ ብዙ ጊዜ ረሳችው፤ አንድ ጊዜም ሳትቃኝ ስትዞር ኳሱን ተነጠቀችና ግብ ሊቆጠርባቸው ነበር። ከዕረፍት በኋላ ግን ምልክቶቹ እየበዙ ሄዱ። ጨዋታው 1 ለ 1 አለቀ። መኪና ውስጥ ገብታ ጫማዋን እየፈታች፣ ስለ ውጤቱ አንድም ቃል ሳትናገር፣ «እማዬ፣ ስንት ሆነ?» አለችኝ።