ሁለት ፀሐይ ላላት ዓለም የዘመን መቁጠሪያ፦ «ሦስት ወር» የየትኛዋ ፀሐይ ነው?

ማለዳ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ታሪኩ የሚሆነው ሁለት ፀሐይ ባላት ዓለም ላይ ነው። ትልቋን ፀሐይ እመት ብያታለሁ፤ ቀን ቀን የምታበራው እሷ ናት። ትንሿ ብርቱካንማ ናት፣ ስሟ እንግዳ። አንዳንዴ ከእመት ጋር አብራ ትወጣለች፣ አንዳንዴ ሌሊቱን ሙሉ ብቻዋን ሰማይ ላይ ታድራለች።

ለሁለቱም ለየብቻ ወር ሠራሁላቸው። ለእመት አሥራ ሁለት፣ ለእንግዳ ዘጠኝ። ለእያንዳንዱ ወር ስም አወጣሁ። ደብተሬ ላይ ሠንጠረዡ ብቻ አሥራ አንድ ገጽ ሞልቷል። ስሠራው ደስታዬ ሌላ ነበር።

ምዕራፍ 7 ላይ አንዲት ባሏ የሞተባት ሴት ከጎረቤቷ ሁለት ቁና እህል ትበደራለች። «ከሦስት ወር በኋላ እመልሳለሁ» ትለዋለች። ረቂቄን የሚያነብልኝ ታናሽ ወንድሜ እዚያ ጋ ሲደርስ ቀና አለና «የየትኛዋ ሦስት ወር?» አለኝ። መልስ አልነበረኝም። ይኸው ሁለት ሳምንት ሆነኝ፣ አንድ መስመር አልጻፍኩም።

ሰዓቱም ሌላ ጣጣ ነው። እኛ ሰዓት የምንቆጥረው ከፀሐይ መውጣት ነው። እነሱ ከየትኛዋ መውጣት ይቁጠሩ?

ሁለቱን ፀሐዮች እኩል ማስኬድ እፈልጋለሁ። የምታውቁ እርዱኝ።

የፊዚክስ መምህር፦
መጀመሪያ አንድ ነገር ወስኚ። ዓለምሽ የምትዞረው ሁለቱንም ነው ወይስ አንዷን ብቻ? ሁለቱንም የምትዞር ፕላኔት በእውነት አለች። ኬፕለር 16 ቢ ትባላለች፤ በ2011 እ.ኤ.አ. ነው ይፋ የሆነችው። ፀሐዮቿ እርስ በርስ በ41 ቀን ይዞራሉ፣ እሷ ደግሞ ሁለቱን በ229 ቀን። እዚያ ሁለቱ ፀሐዮች ሁሌም ተቀራርበው ነው የሚታዩት፤ ሌሊቱም ጨለማ ነው። ያንቺዎቹ ግን ይለያያሉ። ስለዚህ ዓለምሽ የምትዞረው እመትን ብቻ ነው።

ለዚህ ጥሩው ምሳሌ ለፀሐያችን ቅርብ የሆነው የኮከቦች ስብስብ፣ አልፋ ሴንታውሪ ነው። ሁለቱ ትልልቅ ኮከቦቹ እርስ በርስ ለመዞር 80 ዓመት ገደማ ይፈጅባቸዋል። በመሃላቸው ያለው ርቀት የምድርና የፀሐይን ርቀት 11 እጥፍ ከሆነበት እስከ 36 እጥፍ ይለዋወጣል። አንደኛዋ አጠገብ ፕላኔት ብናስቀምጥ፣ የሁለተኛዋ ሙቀት እዚህ ግባ የሚባል አይሆንም። ብርሃኗ ግን ከሙሉ ጨረቃ ከመቶ እጥፍ በላይ ነው። በዚያ ሌሊት ደጅ ቁጭ ብሎ መጽሐፍ ማንበብ ይቻላል።

እኩል የማድረጉን ነገር ተዪው። ክረምትና በጋ የሚያመጣው የእመት ዙር ነው። እንግዳ የምትቀይረው ሌሊቱን ነው። በዓመቱ አንድ ወገን ላይ እንግዳ ከእመት ማዶ ትሆናለች፤ ያኔ ሁለቱም ቀን ይወጣሉ፣ ሌሊቱ ይጨልማል። መንፈቅ ቆይቶ ዓለምሽ መሃላቸው ትገባለች። አንዷ ስትጠልቅ ሌላዋ ትወጣለች። ጨለማ የለም።

እንግዳ ራሷ ግን በቀስታ ትጓዛለች። ዓመትሽ 365 ቀን፣ የእሷ ዙር 80 ዓመት ነው እንበል። ጨለማ የሌለበት ወቅት የሚመለሰው በ365 ሳይሆን በ370 ቀን ገደማ ነው። በየዓመቱ አምስት ቀን ያህል ወደፊት ይገፋል። ስትቀርብ ስለምትፈጥን ግፊቱ ይበዛል፣ ስትርቅ ያንሳል። ስትቀርብ ብርሃኗም ከሩቁ ዘመን አሥር እጥፍ ይደምቃል።

ቅኔ ቤት፦
መምህር ያሉት አምስት ቀን ስም ይፈልጋል። እኛ ጋ የፀሐይ ዓመት 365፣ የጨረቃ 354 ቀን ነው። ልዩነቷ 11 ናት። ባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም አጽዋማትና በዓላት የሚወጡበት የቤተ ክርስቲያን ስሌት፣ የቆመው በዚያች 11 ላይ ነው። የ2017 ዓ.ም.ን ላሳይሽ። ከክርስቶስ ልደት በፊት የሚቆጠረው 5500 ዘመን ሲደመር 2017፣ 7517 ይሆናል። ለ19 ሲካፈል 12 ይተርፋል። ከዚያ አንድ ይነሣል፤ የሚቀረው ወንበር ይባላል፣ 11። ወንበሩን በ11 አባዢና 30 እየገደፍሽ ሂጂ፤ የሚተርፈው አበቅቴ ነው፣ 1። በ19 አባዢና እንደዚያው አድርጊ፤ የሚተርፈው መጥቅ ነው፣ 29። ሁለቱ ሲደመሩ 30 ናቸው። እኔ ይህን የተማርኩት በጣቴ አንጓ እየቆጠርኩ ነው። የኔታ ወረቀት አያስይዙንም ነበር።

ስለዚህ ሁለት ሠንጠረዥ አያስፈልግሽም። ዓመቱ የእመት ይሁን። እንግዳ በ80ው ውስጥ የት እንደደረሰች የሚናገር አንድ ቁጥር ይበቃል። የእኛ ዐቢይ ቀመር፣ ማለትም አቆጣጠሩ ሁሉ ዞሮ የሚገጥምበት ትልቁ ዙር፣ 532 ዓመት ነው፤ ያንቺ 80 ይሁን። ይልቅ ያንን ቁጥር በመጽሐፍሽ የሚያውቀው ማነው? እኛ ጋ መስከረም 1 ቀን ካህኑ አጽዋማቱና በዓላቱ የሚውሉበትን ቀን ያውጃል። ገበሬው የሚያውቀው ሲሰማ ነው።

ወሎዬ፦
ሰላም እህቴ። እኛ ገጠር ብድር በወር አይቆጠርም። «ለመስቀል እሰጥሃለሁ»፣ «ከኢድ በፊት» ነው የሚባለው። ሴትዮሽም «እንግዳ ማታ መውጣት ስትጀምር» ትበል።

ግን ተጠንቀቂ። ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ገደማ ቀደም እያለ በ33 ዓመት አካባቢ ዓመቱን ይዞራል። አባቴ መጀመሪያ የጾመው በክረምት ነበር፤ እኔ ስወለድም ረመዳን ተመልሶ ክረምት ላይ ነበር። ዕድሜዬን የሚቆጥርልኝ በዚያ ነው። የእንግዳ ግን 80 ዓመት ነው። ሰው ዕድሜ ከሰጠው አንዴ ዙሩን ያያል። በአያቷ ዘመን የእንግዳ ሌሊት ከመከር በኋላ ከነበረ፣ ከ40 ዓመት በኋላ መንፈቅ ያህል ተገፍቶ ክረምት ይገባል። ቃሉ ያው ቃል ነው፤ ጎተራው ግን ባዶ ነው።

ማለዳ፦
ሌሊቱን ቁጭ ብዬ ደጋግሜ አነበብኳችሁ። ወሎዬ፣ የመጨረሻዋን መስመርህን ሳነብ ተነሥቼ ቆምኩ። ሰዓቱን ከእመት መውጣት አደረግኩት። የእንግዳን ዘጠኝ ወር ሰረዝኩ፤ ስሞቹን ግን ለመንደሮች እሰጣቸዋለሁ። ምዕራፍ 7 አሁን እንዲህ ይላል፦

«‹እንግዳ ማታ ስትወጣ እከፍላለሁ› አለችው። ጎረቤትየው ዝም ብሎ ቁናውን በእጁ ደለደለ። ‹አያትሽም ለአያቴ እንደዚያው ነበር ያለችው። ያኔ እንግዳ የምትወጣው በአውድማ ላይ ነበር።›»

መምህር፣ አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ። በዚያ ሌሊት ኮከብ ይታያል?

የፊዚክስ መምህር፦
አይታይም ማለት ይቻላል። ሰማዩ ፀሐይ ገና ጥልቅ እንዳለች ያለውን ይመስላል። ቁጥሩን የሚይዝ ሰው ካለሽ፣ ኮከብ አይቶ የሚያስተካክለው በጨለማው ወቅት ብቻ ነው። ያ ወቅት ሰማዩ ደመና ከሆነበት አንድ ሙሉ ዓመት ይጠብቃል።