«ሳሙራይ»ን «ባላባት» ማለት ለምን አያስኬድም?

ጥያቄ፦ የጃፓኑ «ሳሙራይ» በትርጉም ጽሑፎች አንዳንዴ «ባላባት»፣ አንዳንዴ «ወታደር» ይባላል። የቱ ይቀርባል? «ሮኒን»ስ «ሽፍታ» ነው?

መልስ፦ ሁለቱም አይሆኑም። ቃሉ የመጣው «ሳቡራው» ከሚል የጃፓን ግሥ ነው፤ ከታላቅ ሰው ጎን ሆኖ ማገልገል። የእኛ «ለእገሌ አደረ» ልክ ይገጥመዋል። ችግሩ ስሙ ላይ ነው፦ «አዳሪ» ዛሬ የተማሪ ቤት ቃል ሆኗል፣ «ሎሌ»ም ንቀት ተጭኖታል። ሳሙራይን እንዳለ ትቶ መጀመሪያ ሲነሳ «ለጌታ ያደረ የጦር ሰው» ብሎ መፍታት ይሻላል።

«ባላባት» የሚስተው መሬቱ ላይ ነው። የቶኩጋዋ ቤተሰብ ጃፓንን በገዛበት ዘመን (እ.ኤ.አ. 1603–1868፤ ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም እንዲሁ) አብዛኛው ሳሙራይ የሚኖረው ጌታው ግንብ ዙሪያ ባለው ከተማ ነበር፤ የሚሰፈርለትም ሩዝ ነው። መስፈሪያው «ኮኩ» 180 ሊትር ያህል ይይዛል፤ የአንድ ሰው የዓመት ቀለብ ተብሎ ይታሰብ ነበር። ስለዚህ «ጉልት» ወይም «ማደሪያ» አይባልም፣ እነሱ መሬት ናቸው። ቃሉ «ድርጎ» ነው።

ተጨማሪ፦ «ድርጎ» ካልን የኋላው ለውጥም ይገባናል። በ1871 የመሳፍንቱ ግዛቶች ፈረሱ፤ ድርጎ ሰፋሪው ጌታ ቀርቶ መንግሥት ተተካ። በ1873 ውትድርና ለገበሬውም ግዴታ ሆነ። በ1876 ሰይፍ መታጠቅ ተከለከለ፣ በዚያው ዓመት ድርጎው በግዴታ ወደ ቦንድ ተለወጠ። ለአነስተኛ ባለ ድርጎ የወለዱ መጠን ከፍ ቢልም ዋናው ገንዘብ ትንሽ ስለሆነ ቤት አያቆምም ነበር። «ቹጊ» የሚለውን ቃል «ታማኝነት» ብላችሁ ከማለፋችሁ በፊት ዓመቱን እዩ፦ ቀድሞ ለድርጎ ሰፋሪው ጌታ ነበር፣ ከለውጡ በኋላ ግን ለንጉሠ ነገሥቱ ሆነ።

ስለ «ሮኒን»፦ ፊደሉ «የማዕበል ሰው» ይላል። ሽፍታ ወዶ ይወጣል፤ ሮኒን ግን ባመዛኙ ጌታው ሞቶበት፣ የጌታው ግዛት ተወርሶበት ወይም ተባርሮ የቀረ ነው። «ጌታ ያጣ» በቂ ነው። ዛሬ ጃፓን ውስጥ የዩኒቨርሲቲ መግቢያ ፈተና ወድቆ ለቀጣዩ ዓመት የሚዘጋጅ ተማሪም ሮኒን ይባላል።

«ሸፈተ» የሚያምረው ለሳይጎ ታካሞሪ ነው። በ1868 አዲሱን መንግሥት ካቆሙት አንዱ ነበር፤ በ1877 የትውልድ ግዛቱን የሳትሱማን ሳሙራዮች ይዞ ተነሳበት፣ ሴፕቴምበር 24 ቀን ካጎሺማ ላይ ሺሮያማ ኮረብታ ላይ ሞተ። «ከዳ» ካልነው ለንጉሠ ነገሥቱ የነበረውን ክብር እንሰርዛለን። በ1889 ምሕረት ተደርጎለት ማዕረጉ ተመልሶለታል።