የ«አውትላንደር» የመጀመሪያ ክፍል፦ የፍቅር ድራማ ለታሪክ መታመን አለበት?

አወያይ፦ ዛሬ የምንከራከረው በ2014 በተላለፈው የ«አውትላንደር» የመጀመሪያ ክፍል ላይ ነው (ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ላላያችሁት፦ ክሌር የሁለተኛው የዓለም ጦርነት ነርስ ናት። በ1945 ከባሏ ከፍራንክ ጋር ስኮትላንድ፣ ኢንቨርነስ ሄዳ ጥንታዊ የቆመ ድንጋይ ስትነካ 1743 ላይ ራሷን ታገኘዋለች። መጀመሪያ የሚገጥማት የእንግሊዝ ጦር መኮንን የባሏ የሩቅ ቅድመ አያት ነው፤ ሊደፍራት ሲል አንድ የስኮትላንድ ደገኛ ያስጥላትና ወደ ጓደኞቹ ይወስዳታል። እንዲህ ያለ ድራማ ለታሪክ የመታመን ግዴታ አለበት?

የታሪክ መምህር፦ አለበት። ገና በመጀመሪያው ሰዓት እንግሊዙ አውሬ፣ ስኮቱ ተበዳይ ሆኖ ቁጭ አለ። ኤፕሪል 16 ቀን 1746 ኢንቨርነስ አጠገብ ካሎደን በተባለው ሜዳ በተደረገው ጦርነት ግን ከመንግሥት ጦር ጋር ተሰልፈው ጃኮባይቶችን የወጉ ስኮቶች ነበሩ። ጃኮባይቶቹም የተነሡት ከዙፋን የወረደውን የስቱዋርትን ንጉሣዊ ቤት ወደ ዙፋኑ ለመመለስ ነው። ወንድም ከወንድሙ የተጋደለበትን ጦርነት ተመልካቹ የሁለት አገር ጠብ አድርጎ ይወስደዋል።

ነርሷ፦ መምህር፣ ስለ ጦርነቱ ያሉት ልክ ነው፤ ይህ ክፍል ግን የክሌር ነው። ከደገኞቹ አንዱ፣ ጄሚ ፍሬዘር፣ ትከሻው ወልቆ ሰዎቹ በጉልበት ሊመልሱት ሲታገሉ ታስቆማቸዋለች። ክንዱን ቀስ ብላ ይዛ፣ አቅጣጫውን አስተካክላ ትመልሰዋለች። በኋላ የጥይት ቁስሉን ለማጽዳት መድኃኒት ስትጠይቅ የሚገባው የለም፤ አልኮል ስትል ነው ውስኪ የሚቀርብላት። የቀዶ ሕክምና ሐኪሙ ሊስተር ቁስልን ጀርም በሚገድለው ካርቦሊክ አሲድ ማከም የጀመረው በ1865 ነው፤ ያውም እዚያው ስኮትላንድ፣ ግላስጎው! የ18ኛው ክፍለ ዘመን ሰው በትንሽ ቁስል እንዴት ይሞት እንደነበር ከዚህ በላይ የሚያሳይ ትዕይንት አላየሁም። ይህም ታሪክ ነው።

ሌላ ተሳታፊ፦ እኔም ከነርሷ ጋር ነኝ። ደገኞቹ በራሳቸው ቋንቋ በጌሊክ ሲያወሩ ትርጉም ከሥር አይጻፍም፤ እንደ ክሌር እኛም ግራ ይገባናል። ያ ፍርሃት ከመጽሐፍ አይገኝም።

ስኮትላንድ የምኖር፦ ካሎደንን አይቼዋለሁ። ሜዳው ላይ የጎሳ ስም የተቀረጸባቸው ድንጋዮች አሉ፤ የተተከሉት በ1881 ነው፤ ከሥራቸው በጅምላ የተቀበሩት ሰዎች ስም የለም። የፍሬዘር ጎሳ ድንጋይ ጋ ሰው ለጄሚ አበባ ያኖራል። ጄሚ እኮ ልብ ወለድ ነው! ሣሩ በጎብኚ እግር አልቆ ቦታውን ከጉዳት መጠበቅ ግድ ሆኗል። እኔን ያንገበገበኝ፣ እውነተኞቹ ሟቾች ከሥር ተኝተው አበባው ለሌለ ሰው መሆኑ ነው።

የታሪክ መምህር፦ ያልኩት ይኸንኑ ነው።

ነርሷ፦ ድራማው ባይኖር ግን ያ ሰው ካሎደን ድረስ ይመጣ ነበር?

ስኮትላንድ የምኖር፦ አይመጣም ነበር፣ እህቴ። ከመጣ በኋላ ግን የማንን መቃብር እንደረገጠ ማን ይንገረው? የድራማው ሠሪዎች በክፍሉ መጨረሻ ለእውነተኞቹ ሟቾች ሁለት ደቂቃ ቢሰጡ ምን ይጎድልባቸዋል?

የታሪክ መምህር፦ ሁለት ደቂቃው ይበቃኛል፤ በዚህ እስማማለሁ። መኮንኑን በተመለከተ ግን አቋሜን አልለወጥኩም።